ጨረባ የገባችበት ጉድጓድ

ጋሽ ጨረባ ይሉታል። እናትና አባቱ ያወጡለት ስም አለው፤ ነገር ግን ሚስቱ በጣም ስትናደድ ካልሆነ በቀር ማንም አይጠራበትም። ሥራው ጉድጓድ መቆፈርና የቆየ ጉድጓድ መጥረግ ነው። «ለሰው ጉድጓድ ስትቆፍር አታርቀው» የሚለውን ተረት እያነሳ ያልቀለደበት ደንበኛ የለም፤ እሱም ፊቱን ሳይፈታ «እኔ ካላራቅኩት ምን ልትጠጡ ነው?» ብሎ ይመልሳል። ቀልድ አያልቅበትም፣ ሳቅ ግን ይቸግረዋል።

ጨረባ ያሉት በወፏ ነው። ጅራቷ እንደ መቀስ የተሰነጠቀው፣ ጀርባዋ ጠቆር ብሎ የሚያብለጨልጨው፣ በሰው ጣራ ሥር የጭቃ ቤት የምትሠራው ያቺ ትንሽ ወፍ። ሰው ጉድጓድ ጥረግልኝ ብሎ ሲወስደው ጋሽ ጨረባ መሣሪያውን ወዲያው አያወርድም። ከጉድጓዱ አፍ ፈንጠር ብሎ ይቀመጥና ይጠብቃል። ጨረባ ገብታ ከወጣች ተነስቶ የሱሪውን አቧራ ያራግፋል፣ «ይወረዳል» ይላል። ካልገባች ደግሞ የቤቱ ሰው ቢለምነው፣ ቢቆጣው፣ ዕቃውን ተሸክሞ ይሄዳል። «ጨረባ የገባችበት ጉድጓድ ሰው አይገድልም» የሚለው ቃል ከአባቱ የወረሰው ነው። ከአባቱ የወረሰው ሌላ ነገር ቢኖር አንድ ዶማና ብዙ ግትርነት ነው።

ቃሉ ያለ ምክንያት አልመጣም። በዚህ ሥራ ሰው የሚገድለው ውኃው አይደለም፣ መደርመሱም ብቻ አይደለም። ተከድኖ የኖረ ጉድጓድ ከታቹ ክፉ አየር ያጠራቅማል፤ ሽታ የለው፣ ቀለም የለው፣ ድምፅ የለው። ወራጁ መጀመሪያ ደስ ደስ ይለዋል፣ ወሬ ያበዛል፣ ይስቃል። ከዚያ ቁጭ ይላል፣ ከዚያ አይነሳም። እያሳሳቀ የሚወስድ ጎርፍ የሚባለው ለዚህ ሳይሆን አይቀርም።

እውነት ለመናገር ስለ ጨረባ እሱን የሚያህል አዋቂ በሰፈሩ አልነበረም። ወንዱና ሴቲቱ እየተጋገዙ ከኩሬ ዳር ጭቃ በአፋቸው እያድበለበሉ ሲያመጡ፣ ከገለባ ጋር እየለወሱ ሲለጥፉ፣ አንዱ ረድፍ ሳይደርቅ ሌላውን እንደማይጭኑበት እየጠቆመ «ይህን የማያውቅ ግንበኛ ስንት አለ!» ይላል። ውስጡን ላባ ያነጥፉበታል። ሄደው ሲመለሱ ያንኑ አሮጌ ቤት ጠግነው ይገቡበታል እንጂ አዲስ ካልሠራን አይሉም፤ እዚህ ላይ ሲደርስ ሚስቱን ገልመጥ ያደርጋታል፣ እሷ አዲስ ቤት ካልሠራን ማለት ከጀመረች ሰንብታለችና። አንዲት ደግ ሴት ለወፎቹ ፍርፋሪ ስትበትን አይቶ ለአንድ ሳምንት ሲያወራው ከረመ። ጨረባ ከመሬት አትለቅምም። የምትበላው የሚበረውን ብቻ ነው፤ ዝንብ፣ ትንኝ፣ ክንፍ ያለው ምስጥ። እየበረረች ትይዛለች፣ በጉሮሮዋ አጠራቅማ አድቦልቡላ ለልጆቿ ታጎርሳለች። ውኃ እንኳ የምትጠጣው ሳታርፍ ነው፤ በኩሬው ላይ ዝቅ ብላ በአፏ ጨልፋ ታልፋለች።

ወንድ ልጅ የለውም። አንዲት ሴት ልጅ ነው ያለችው፤ «ዶማህን ማን ይወርስሃል?» እያሉ ሲያላግጡበት ሰምታ ያደገች፣ ቀጭን፣ ጠንካራ፣ በግትርነት አባቷን ቁርጥ። የሱ ጉልበት አልታዘዝ ካለው ወዲህ የምትወርደው እሷ ናት። እናቷ በጉድጓዱ አፍ ላይ የሚተከለውን የመዘውር እጀታ ታዞራለች፣ እሱ ገመዱን በመዳፉ እያሳለፈ ያዝዛል። አንድ ጉተታ ቁሙ፣ ሁለት ጉተታ ባልዲው ይውጣ፣ ሦስት ጉተታ እኔን አውጡኝ። የገመዱ ቋንቋ ይኸው ነው። ገመዱ አንድ ብቻ ነው፤ ጫፉ ላይ ሜንጦ አለው፣ ለሰው ሲሆን ሳንቃ ይንጠለጠልበታል፣ ለጭቃ ሲሆን ባልዲ። ታች የደረሰ ሰው ከገመዱ ይፈታል። ሌሎች ቆፋሪዎች ሁለተኛ ገመድ ወገባቸው ላይ አስረው ነው የሚሠሩት፤ ጋሽ ጨረባ ግን «ታስሮ የሚቆፍር ፍየል ነው» ይላል። እነሱም ይህን ሲሰሙ ራሳቸውን ነቅንቀው ያልፋሉ።

ያን ዕለት የወሰደቻቸው ሴትዮ የእንግዳ ማረፊያ ነበራት። ልጅቱ ገና የግቢውን በር ሳያልፉ ወይዘሮ ቶሎ ብላ ስም አወጣችላት፤ ሴትዮዋ ቶሎ ሳትል አንድ ነገር ተናግራ አትጨርስም። የቧንቧው ውኃ ከጠፋ ሰንብቷል፣ እንግዶቿ ያጉረመርማሉ፣ በጓሮዋ ደግሞ ለዓመታት በቆርቆሮ ተከድኖ የኖረ፣ ግድግዳው በድንጋይ የተካበ ጉድጓድ አለ።

«ቶሎ ጥረጉልኝና ቶሎ ውኃ ላግኝ ጋሼ፣ በሞቴ» አለችው።

«ቶሎ የሚባል ጉድጓድ የለም፣ እመቤቴ» አለና የተገለበጠ ሣጥን ላይ ተቀመጠ።

የቆርቆሮው አንድ ጥግ ዝጎ ረግፏል። ብዙም ሳይቆይ አንዲት ጨረባ ከጣራው በላይ ዞራ መጣችና በዚያች ቀዳዳ ሽው ብላ ገባች። ከውስጥ የጫጩቶች ጩኸት ተሰማ። ወጣች፣ ባልዋ ገባ። እሱ ሲወጣ እሷ። ስትወጣ አንዳንዴ የልጆቿን ኩስ በአፏ ይዛ፣ ከግቢው አሳልፋ ትጥለዋለች። ጋሽ ጨረባ ፊቱ በራ። «አየሽ? ቤቷን ስታጸዳ?» አለ ለሚስቱ፤ እሷም «አጽጂው የሚላት ሰው ስለሌለ ነው» አለች።

ሦስቱም ቆርቆሮውን አነሱ። የወፎቹ ቤት ከአፉ ትንሽ ዝቅ ብሎ፣ እጅ ሰደድ ቢያደርጉ የማይደርስበት ቦታ ላይ፣ ከወጣ ድንጋይ ሥር ተለጥፏል። ከቤቱ በታች ጨለማ ነው። ግድግዳው ላይ የጥንት ቆፋሪዎች የተዉት የመርገጫ ድንጋይ እዚህም እዚያም ብቅ ብሏል፤ ብዙው ወድቋል።

ልጅቱ ወደ ታች አየች። ባትሪዋን በግንባሯ ላይ አሰረች፣ መልሳ ፈታችው።

«አባዬ፣ አንድ ጊዜ ፋኖስ እናውርድበት» አለች።

ጋሽ ጨረባ ያልሰማ መሰለ።

«አባዬ።»

«ዓይንሽ የት ነው? ስትገባ አላየሻትም?»

«አየኋት። ፋኖሱ ግን ምን ይጎዳናል? እነዚያኞቹ ቆፋሪዎች ሳያወርዱ አይገቡም። ከጠፋ ይመለሳሉ፣ ካልጠፋ ይወርዳሉ።»

«እነዚያኞቹ ዓይን ስለሌላቸው ነው። ደግሞ ይቺ አራስ ናት። ጭስ ከሥሯ ስናጨስባት ልጆቿን ጥላ ብትሄድስ? አሳ ጎርጓሪ ዘንዶ ያወጣል፣ ሲባል አልሰማሽም?»

ለወፏ ማዘኑ እውነት ነበር። ኩራቱም እውነት ነበር። የትኛው እንደሚበልጥ እሱም አልጠየቀ፣ ማንም አልጠየቀው። ሚስቱ ግን እጀታውን ዘይት እየቀባች «የተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ የተባለው ላንተ ነው» አለችው። ይህን ዘወትር የምትለው ነገር ነበረና አልከበዳትም። ልጅቱ አባቷን አየች፣ እናቷን አየች፣ ባትሪዋን መልሳ አሰረች።

«ታዲያ ልውረድ?»

«ውረጂ» አለ።

ሳንቃው ላይ ተቀመጠች። እጀታው መዞር ጀመረ። ወፎቹ ሰው ከአፉ ሲገባ አይተው ከላይ እየዞሩ መጮህ ጀመሩ፤ አፋቸው ሙሉ ነው፣ መግባት ግን አልቻሉም። ልጅቱ ከቤታቸው ጋር ስትተካከል ጫጩቶቹ የመጣችው እናታቸው መስላቸው አፋቸውን በረገዱት፤ «ወይኔ፣ አፋቸው ቢጫ ነው!» የሚል ድምፅ ወደ ላይ መጣ። ሳንቃው ተወዛወዘ፣ ትከሻዋ የጭቃውን ጠርዝ ነካው።

«አንዱ ወደቀ!»

«ቀስ በይ እንጂ!» ጋሽ ጨረባ ጮኸ። «ሰው ቤት ስትገቢ እንዲህ ነው የምትገቢው?»

ወረደች። ገመዱ ላላ፣ ታች ደረሰች ማለት ነው። ተፈትታ ሳንቃውን ላከች፣ ባልዲው ወረደላት። ውኃው አንድ ጥግ ላይ ብቻ ነበር የቀረው፣ ቀሪው ጭቃ፣ የበሰበሰ ቅጠልና የዛገ ጣሳ ነው። የመጀመሪያው ባልዲ ወጣ፣ ሁለተኛው ወጣ። ጋሽ ጨረባ ልቡ ረጋ።

«አባዬ፣ እዚህ የሞቱ ወፎች አሉ። ብዙ ናቸው። ላባ ያወጡ ሁሉ አሉ።»

«ከቤት የወደቁ ናቸው። የወደቀ ጫጩት ማን ያነሳዋል? ሥራሽን ሥሪ።»

«የዛሬውን አገኘሁት። ጭቃው ላይ ነው የወደቀው፣ ግን አይንቀሳቀስም።»

«በባልዲ ላኪው፣ እናትሽ ታየዋለች።»

ባልዲው ሲዘገይ እናትየዋ ወደ አፉ ጎንበስ አለች። ከታች ሳቅ ተሰማ። ልጅቱ ትስቃለች፤ የሆነ ነገር ትናገራለች፣ ቃሉ ግን አይለይም።

«ምን አስቀሽ?» አለቻት እናቷ።

«ጣሳው... ጣሳው እግሬን እየያዘኝ... ተወኝ እለዋለሁ...» ደግሞ ሳቀች።

ጋሽ ጨረባ ደስ አለው። «ፋኖስ ትላለች፣ ይኸው ሥራው ቀሎላት ትጫወታለች» አለ ለሚስቱ። እሷ ጆሮዋን ወደ ጉድጓዱ ሰጠች። ሁለት ጉተታ መጣ፣ ደካማ። እጀታውን አዞረች፣ ባልዲው ወጣ፣ ከጭቃው ላይ ጫጩቱ ተጋድሟል።

አነሳችው። አንገቱ ወደ ጎን ወደቀ። «ሞቷል፣ ምስኪን» አለችና ሻርፗን ከትከሻዋ አውርዳ መሬት ላይ አነጠፈች፣ ጫጩቱን ላዩ ላይ አስተኛችው። ምንም አላደረገችለትም፤ ውኃ አላንጠባጠበችለትም፣ አላሸችውም። ሌላ ሥራ ነበረባት። ባልዲውን ገልብጣ ስትመለስ ግን ጫጩቱ ደረቱ ሲነሳ አየች። አንዴ ተነሳ፣ ቆመ፣ ደግሞ ተነሳ። ከዚያ ክንፉን አንቀጠቀጠ፣ ቢጫ አፉን ከፍቶ ጮኸ።

«ነፍስ ዘራ!» አለች። «አንተ፣ እየው፣ ነፍስ ዘራ!»

ጋሽ ጨረባ አየና ፊቱ ፈካ። ጫጩቱ ርቦት አፉን እየከፈተ ይጮሃል። ሳቁ ግን ከፊቱ ሳይወርድ ወደ ጉድጓዱ አፍ ዞረ። ሞቶ የወጣው ወፍ እዚህ ላይ ምን አግኝቶ ተነሳ? ምግብ አልሰጡትም፣ ውኃ አልሰጡትም። ያገኘው ነገር አየር ብቻ ነው። ታች ያጣውም እሱን ነው። የሞቱት ሁሉ፣ ላባ ያወጡት ሁሉ፣ በመውደቅ አልሞቱም።

ጠዋት ሙሉ ያየው ጨረባዋ ስትገባ ነው። እስከ የት እንደምትገባ አላየም። ቤቷ ድረስ ገብታ ትወጣለች እንጂ ወደ ታች ወርዳ አታውቅም። ታች ውኃ እያለ ልትጠጣ ከመንገዱ ዳር ወዳለው ኩሬ ስትመላለስ በዓይኑ አይቷት ነበር፤ አይቶ አለፈው።

«ልጄ! ውጪ! ተይው፣ ውጪ!»

«ቆይ...» የሚል ድምፅ መጣ፣ እንደ እንቅልፋም። «ቆይ፣ ጫማዬ...»

ገመዱ ያለው ላይ ነው፣ ልጅቱ ታች። ከገመዱ እንድትፈታ ያስተማራት እሱ ነው። ባልዲውን ከሜንጦው ነቅሎ ባዶውን ገመድ ወረወረው። «ያዢው! ሜንጦውን ያዢ! ልጄ!» ገመዱ አልተጎተተም። በደረቱ ተኝቶ ወደ ታች አየ። የግንባሯ ባትሪ ደምቆ በርቷል፣ አንድ የግድግዳ ድንጋይ ላይ ተተክሎ አይንቀሳቀስም። ፋኖስ ቢሆን ኖሮ ገና ሳትወርድ ጠፍቶ ይነግራቸው ነበር። ባትሪ ግን አየር አይፈልግም፤ ሰው ይሙት ይዳን ሳይለይ ያበራል።

«ምን ሆነች?» አለች ሚስቱ። መልስ አላስፈለጋትም፣ ፊቱን አይታ አወቀች። «ምን አደረግካት?»

ወይዘሮ ቶሎ ጩኸቱን ሰምታ ከቤት ወጣች። ጋሽ ጨረባ ቅጠል ያለው ቅርንጫፍ ቶሎ ብላ እንድትቀነጥስ ነገራት፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ቶሎ ያለው እሱ ነበር። ከአጥሩ ዛፍ የቀነጣጠሰችውን አንድ ላይ አስሮ ሜንጦው ላይ ሰቀለው። እስከ ታች ድረስ ይለቀዋል፣ በፍጥነት ይስበዋል፣ ይለቀዋል፣ ይስበዋል፤ አየሩን ለማመስ። እነዚያኞቹ ሲያደርጉት አይቶ ቤት እየጠረጋችሁ ነው ወይ ብሎ የዘበተበት ዘዴ ነው። ሴቶቹ ከበርሜል ውኃ እየቀዱ በግድግዳው ጥግ ጥግ ደፉበት። ከታች ሳል ተሰማ። አንድ ጊዜ ብቻ።

«አለች!» አለችው ሚስቱ። «አለች፣ አውርደኝ።»

«እኔ ነኝ የምወርደው።»

«በየትኛው ጉልበትህ? ደርሰህ ብትወድቅ እኔ አንተን ማንሳት እችላለሁ? እሷን ደግሞ?» ሳንቃውን ራሷ ሰቀለች። ዕድሜዋን ሙሉ ከጉድጓድ አፍ ላይ ቆማ እጀታ አዞረች እንጂ አንድ ቀን ወርዳ አታውቅም። ጨለማ ትፈራለች፤ ማታ በር ለመዝጋት እንኳ ባሏን የምትቀሰቅስ ሴት ናት።

ጋሽ ጨረባ እጇን ያዘ። «ስሚኝ። የወፎቹ ቤት ጋ ስትደርሺ አቆምሻለሁ። እዚያ በደንብ ሳቢ። እዚያ ድረስ አየር አለ። ከዚያ በታች አትተንፍሺ፣ አፍሽን አትክፈቺ፣ አታልቅሺ። በመቀነትሽ በብብቷ ሥር እሰሪያት፣ ሜንጦው ላይ ስቀዪ፣ ጎትቺ። ካቃተሽ መርገጫውን ይዘሽ ወደ ላይ ውጪ። አትጎንብሺ። የኔ እናት፣ እንዳትጎነብሺ።»

«ሳልጎነብስ እንዴት ነው የማስራት?» አለችው።

እሱና ወይዘሮ ቶሎ እጀታውን ይዘው አወረዷት። ከወፎቹ ቤት ጋር ስትተካከል አቆመ። ጫጩቶቹ ፊቷ ላይ ጮሁ። ትንፋሽ ስትስብ ሰማት፣ ረጅም። እንደገና ሳበች። እጇን አወዛወዘች፣ እጀታውን ለቀቀው።

ገመዱ ላላ። ከዚያ ምንም አልተሰማም። ጋሽ ጨረባ ገመዱን በሁለት መዳፉ ይዞ ጠበቀ፤ ዕድሜውን ሙሉ እንዲህ ጠብቆ አያውቅም። ገመዱ ተንቀጠቀጠ፣ ቆመ፣ ተንቀጠቀጠ። ወፎቹ ከራሱ በላይ ይሽከረከራሉ። ወይዘሮ ቶሎ ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ የላትም።

አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት ጉተታ።

«አዙሪ!»

አዞሩ። ገና በሁለተኛው ዙር እጁ አወቀ። ገመድ በመዳፉ ሲያልፍ የኖረ ሰው የሰውን ክብደት እንደ ዘመድ ድምፅ ይለያል፤ የሚመጣው ሸክም የአንድ ሰው ነው። ልጁ ናት። ሚስቱ ቀርታለች።

ማቆም ይችል ነበር፤ አላቆመም። ማልቀስ ይፈልግ ነበር፣ ጊዜ የለውም። የልጅቱ ራስ ከአፉ ብቅ አለ፣ ፊቷ አመድ መስሏል፣ ባትሪዋ ዓይኑን ወጋው። ወይዘሮ ቶሎ በብብቷ ይዛ ጎተተቻት፣ ሣሩ ላይ ጣለቻት። እሱ ልጁን ሳያያት ሜንጦውን ነቅሎ ገመዱን ለቀቀው። መዘውሩ እንደ እብድ ዞረ፣ እጀታው ክንዱን መታው፣ አልተሰማውም። «ያዢ! የኔ እናት፣ ያዢ!»

ገመዱ ወርዶ አለቀ። አልተጎተተም። ወደ ታች ጎነበሰ፤ አሁን ብርሃን የለም፣ ምንም አይታይም። ከኋላው ወይዘሮ ቶሎ ልጅቱን በጥፊ ትመታለች፣ «ተንፍሺ፣ ቶሎ ተንፍሺ» ትላለች። ከታች ግን የድንጋይ መንኳኳት ሰማ። ከታች አይደለም፤ ከመሐል ነው። ሚስቱ ልጇን ከሰቀለች በኋላ መርገጫውን እየዳበሰች ወጥታለች፤ ድንጋዩ ከወደቀበት ስትደርስ እግሯን የምታሳርፍበት አጥታ በጣቷ ተንጠልጥላለች። ገመዱን ወደ ግድግዳው ወዘወዘው። አንዴ አለፋት። እንደገና ወዘወዘው።

ገመዱ ከበደ። ጉተታ አልነበረም፣ ሰው ነበር።

ብቻውን አዞረ። ጉልበቱ ቋ ሲል ሰማ፣ አዞረ። ስትወጣ ገመዱን እጇ ላይ ጠቅልላ በጥርሷ ጭምር ይዛዋለች፤ ጣቶቿን አንድ በአንድ ነበር ያላቀቀላት። ከመዳፏ ቆዳ ተገፍፏል። ሣሩ ላይ በግንባሯ ተደፍታ አየር ጠጣች፣ ከዚያ በጉልበቷ እየዳኸች ወደ ልጇ ሄደች።

ልጅቱ አስመለሳት። አስመለሳትና አለቀሰች። ሰው ሲያለቅስ ማየት እንዲህ ደስ ያሰኛል ብሎ ጋሽ ጨረባ አስቦ አያውቅም።

ጎረቤት ተሰበሰበ። ሰው ሁሉ ወደተኙት ሴቶች ሲጎርፍ የጉድጓዱ አፍ ባዶ ቀረ፣ ጨረባዋም አጋጣሚውን አግኝታ ገባች፤ የተራቡት ጫጩቶች ጩኸት ተሰማ። ጋሽ ጨረባ ከሣጥኑ አጠገብ መሬት ላይ ተቀምጦ ነበር። አባቱ ትዝ አለው። አባቱ ባትሪ አያውቅም፤ የሚሠራው በኩራዝ ነበር፣ ኩራዙን በገመድ ከፊቱ እያወረደ። መውረጃው ጨለማ ነውና። ኩራዙ ድርግም ሲል «ነፋስ ነው» ይልና ይወጣ ነበር። ዕድሜውን ያቆየችለት ያቺ ኩራዝ ናት፤ ምስጋናውን ግን ለወፏ ሰጥቶ ሞተ። ባትሪ መጣ፣ ኩራዙ ተጣለ፣ ቃሉ ብቻ ቀረ። ልጁም ቃሉን ይዞ የገዛ ልጁን ላከበት።

«ክፉ ቀን ገጥሟት ነው» አለ ከተሰበሰቡት አንዱ።

«ይሄ ጉድጓድ ድሮም ክፉ ነው» አለች ወይዘሮ ቶሎ። «አስደፍነዋለሁ። የሱ ጥፋት አይደለም፣ ጉድጓዱ ነው።»

ሰው ሁሉ አንገቱን ነቀነቀ። የማምለጫ በር ተከፍቶለት ነበር፤ ዝም ቢል ይበቃው ነበር። ሚስቱ ቀና ብላ አየችው። ልጅቱም ዓይኗን ገልጣ አየችው።

«ጉድጓዱ ምን አደረገ?» አለ። «ፋኖስ ይውረድ ብላኛለች። እምቢ ያልኩት እኔ ነኝ። ከገመድ ተፈትታ እንድትሠራ ያደረግኋትም እኔ ነኝ። ልጄን ልገድላት ነበር።»

ትንሽ ቆይተው ሰዎቹ አንድ በአንድ ሄዱ፤ እንዲህ ያለ ንግግር ሰው ፊት ሲነገር ዓይንን የት እንደሚያሳርፉት አይታወቅም። ልጅቱ ራሷን የእናቷ ጭን ላይ አድርጋ ተኝታለች።

«አባዬ» አለች፣ ድምፅዋ ሻክሯል።

«ወይ፣ ልጄ።»

«እንደገና የምወርድ ይመስልሃል?»

«አላውቅም። ባትወርጂ አልፈርድብሽም።»

«እወርዳለሁ። የማውቀው ሥራ እሱ ነው።» ትንፋሿን ሰበሰበች። «ግን አንተ ውረጂ ስላልከኝ ብቻ አልወርድም። ከእንግዲህ አላምንህም፣ አባዬ። ልዋሽህ አልችልም።»

ጋሽ ጨረባ ሊናገር ፈልጎ አንድም ተረት አልመጣለትም።

«እውነትሽን ነው» አለ በመጨረሻ። «ገመዱን እናትሽ ትይዘዋለች፣ የምታዘውም እሷ ናት። እኔ እጀታውን አዞራለሁ።»

ሚስቱ የተገፈፈ መዳፏን በጨርቅ እየጠቀለለች ነበር። ቀና አላለችም።

«አዙር ሳልልህ እንዳታዞር» አለችው።

«እሺ።»

ሳይከራከራት እሺ ሲላት ሰምታ አታውቅም ነበር። ልትቀልድበት አፏን ከፈተች፤ ተነስቶ የመዘውሩን እጀታ ዘይት መቀባት ሲጀምር አየችና ተወችው።